ከባሕር ጠለል በላይ

ሚራ ያዥ ነበርሁ፣ የቀያሽ ረዳት፤
ቀይና ነጭ በትር፣ አራት ሜትር ቁመት፣
ትከሻዬ ላይ እሷ፣ ጀርባዬ ላይ ስንቅ፣
ከኋላዬ ገደፋው፣ መነጽሩን በጋቢ ጠቅልሎ ሲጠብቅ።

ከሮብ ገበያ ወጣን፣ ዶሮ ሳይጮኽ ገና፤
ውርጭ የጫማ ክሬን ሽቦ አርጎታልና
ሳላስር ሄድሁ።
ጅብራው ከነካፖርቱ፣ እንደ ሌሊት ዘበኛ፣
በየዳገቱ ቆሟል፤ ቀድሞ ነቅቷል ከእኛ።

ብርድ ሲጠና ገደፋው፣ ተራራ መቁጠር ይጀምራል፤
ሌላው ዳዊት እንደሚደግም፣ እሱ ጫፍ በጫፍ ይዘምራል፦
«ራስ ዳሸን፣
ጉና፣
አቡነ ዮሴፍ፣ ከላስታ ላይ ሆኖ፣
ቱሉ ዲምቱ በባሌ፣ ቀይ አፈር ተከድኖ፣
ጉጌ በጋሞ ሰማይ፣ ከሁለት ሐይቅ በላይ፣
ቁንዱዶ በሐረር፣ ጠፍጣፋ ራሱ ላይ
ፈረስ የሚቦርቅበት።»

ስማቸውን ያውቃል እንጂ፣ አንዱንም አልወጣም፤
የሄደ ደብዳቤ አለው፣ አበሉ ግን አልመጣም።
«ዳሸንስ ስንት ነው?» ብዬው፣ ሳቀብኝ በብርዱ፤
«ሦስት መጽሐፍ አለኝ፤ ሦስቱም ተካካዱ።»

አስታውን አልፈን ስንወጣ፣ ጎጃም ከሥራችን ነጋ፤
ደጋ ዳሞት ጀርባውን ሰጥቶ፣ በላያ በጭጋግ አልጋ፣
ከአባይ በረሃ ማዶ፣ የወሎ ገደል ፈዝዞ፤
በእጁ «ቀጥ!» ይለኛል፣ ነፋስ ድምፁን ይዞ።

ስንወርድ እትዬ ሙሉሰው ድንች ትቆፍራለች፤
ሚራዬን ከላይ እስከ ታች አየችና፣
«የማን መቃ ነው?» አለች።
«የተራራውን ቁመት ለክተን መምጣታችን ነው፣ እትዬ።»
«ከምን ተነሥታችሁ?»
«ከባሕር» አልሁ፣ እሱን ቀድሜ፣ ኮርቼ በሙያዬ።
«ከጣና?»
«አይ፣ ከጨው ባሕር። ከሩቁ። ከማዶ።»
መቆፈሪያዋን ተደገፈች፤ ሳቋ መጣ ከሆዷ ተንዶ፦
«አይተኸዋል?»
አላየሁም።
«እሱስ?»
ገደፋው ብሎን ማጥበቅ ያዘ።
«እግሩን ሳታዩት እንግዲህ፣ ራሱን ልትለኩ?
ሰፊ እንኳ ቀሚስ ሲቆርጥ፣ ተረከዝ አይቶ ነው ልኩ።»

ከማሳዋ ዳር ወሰደችን፣ ወደ አንዲት ጥቁር ድንጋይ፤
«ሳገባ አፈር ውስጥ ነበረች፣ ጫፏ ብቻ የሚታይ፤
ማረሻ ሰብራብን ነው ያወቅናት።
የበኩር ልጄ ሲወለድ፣ እስከ ቁርጭምጭሚት፤
ሰውዬው ሲያርፍ፣ እስከ ጉልበት፤
ዛሬ ይኸው፣ ተደገፋት።»

ተደገፍኋት። ወገቤ ላይ ቀዘቀዘችኝ።

«ድንጋይ አያድግም፣ ልጄ። አፈሩ ነው የሄደ፤
በጨሞጋ በኩል፣ በሙጋ በኩል፣ ወደ አባይ የወረደ።
ያንተ ባሕር ከጠጣው፣ ከፍ ሳይል ይቀራል?
እኛ ወደ ታች፣ እሱ ወደ ላይ፤ ቁጥርህ የት ይቆማል?»

ገደፋው ብዙ ዝም አለ። ከዚያ እርሳሱን በምላሱ አረጠበ፤
ምን እንደጻፈ አላየሁም፤ ደብተሩን ቶሎ ሰበሰበ።
ከድንጋይዋ አጠገብ፣ የሲሚንቶ ችካል ተከልን፤
አናቱ ላይ ቁጥር ቀርጸን፣
የሰጠችንን ድንች በልተን ወረድን።

ዘንድሮ ብቻዬን ወጣሁ። እሱ ጡረታ ነው፣ ቡሬ።
ሙሉሰው የለችም።
ማሳዋን ባሕር ዛፍ ወርሶታል፤
ባሕሩ ራሱ ባይመጣ፣ በስሙ ቀድሞ ደርሷል።
ችካላችን እግር አውጥቷል፤
ከሥሩ ክንድ የሚያህል ራቁት ቅልጥም ይታያል፤
ቁጥሩ ግን አናቱ ላይ፣ እንደ ድሮ ሹመት፣
ማንም አልነካውም።

ማታ ልጄ ውባለም፣ የጂኦግራፊ ደብተሯን ጉልበቷ ላይ ዘርግታ፣
«ጮቄ ከባሕር ጠለል በላይ ስንት ሜትር ነው?» አለችኝ፣ ቀና ብላ።
ቁጥሩ ምላሴ ላይ ነበር።
«ከክረምት በፊት ነው» አልኋት፣
«ወይስ ከክረምት በኋላ?»